ከወለሉ ያልተነሳችው እመቤት

አስከሬኑ ከተነሳ ሦስት ቀን ሆኖታል፤ እመቤቲቱ ግን ከሳሎኑ ወለል አልተነሳችም። ጣውላው ዙሪያውን ነጥቶ ደብዝዟል። እሷ በወደቀችበት ልክ ብቻ፣ ራሷ፣ ትከሻዋ፣ የተዘረጋው ክንዷ፣ እንደ ድሮው ያበራል። ሠራተኛዪቱ ባየችው ቁጥር ፊቷን ታዞራለች። ሃያ ዓመት ተንበርክካ የወለወለችው ወለል እሷኑ ሊያሳስራት ነው። «ወለሉን አርጥባ ትታው እናቴ ተንሸራታ ሞተች» ብሎ የከሰሳት ደግሞ ማን ቢሆን ጥሩ ነው? በጀርባዋ አዝላ ያሳደገችው የእመቤቲቱ ልጅ! ባጎረስኩ እጄን ተነከስኩ ማለት ይሄ ነው።

ባልደረቦቹ «አፍንጫው» የሚሉት መርማሪ በደረቱ ተኝቶ ጣውላውን ያሸታል።

«በምንድን ነው የሚወለውሉት፣ እናቴ?» ሲል ሠራተኛዪቱን ጠየቃት።

«በባልዲ ሙሉ ለብ ያለ ውኃ፣ ሁለት ማንኪያ አቼቶ። ጨርቁን ጠብ እስከማይል እጨምቀዋለሁ። ጣውላ ውኃ አይወድም ልጄ፤ አቼቶም ከበዛበት ወዙን ይበላዋል።»

«ይህን የሚያውቅ ሌላ ሰው አለ?»

«የእመቤቴ ምራት። ቅዳሜ ቅዳሜ አብራኝ ትወለውላለች፣ እጇ ይባረክ።»

«ልጅየውስ?»

«እሱማ ሽታውን እንጂ ልኩን የት ያውቃል!»

አፍንጫው ወደ በሩ ሄዶ የተደረደሩትን ጫማዎች አንድ በአንድ አሸተተ። ከዚያ ሠራተኛዪቱን፣ ልጅየውንና ሚስቱን ጠርቶ ምልክቱ ዙሪያ አቆማቸው።

«የቤቱ ቁልፍ ያላችሁ እናንተ ብቻ ናችሁ» አለ። «እርጥብ ወለል አንሸራቷት ቢሆን አቼቶው ከሥሯም ይገኝ ነበር። ከሥሯ ያለው ጣውላ ግን አልተነካም። ስለዚህ የፈሰሰው ከወደቀች በኋላ ነው፤ ያውም ውኃ ያልነካው፣ ጠርሙስ ሙሉ። ያፈሰሰው ሰው ቤቱ በአቼቶ እንደሚወለወል ያውቃል፣ ልኩን ግን አያውቅም። ሁለቱ ሴቶች ልኩን ያውቃሉ።» ወደ ልጅየው ዞረ። «የጫማህ ስፌት ደግሞ እስካሁን ይሸታል።»

እርጥበት የጠጣው ጣውላ ሲጢጥ አለ። ልጅየው ክው ብሎ ወደ ኋላ ሸሸ።

«እየተነሳች ነው! ቤቱን እንሽጠው አልኳት፣ እምቢ አለች። ገፋኋት... ገፋኋት ብቻ!»

ሚስቱ አፏን በእጇ ያዘች። ፖሊሶች መጥተው ሲወስዱት በሩ ላይ ቆሞ ወደ ሠራተኛዪቱ ዞረ።

«ምልክቱ ይለቃል?»

«ወለሉስ በሰም ይመለሳል» አለችው፤ እንባ ቀደማት። «እኔን ግን ምን አድርጌህ ነው፣ ልጄ?»

ከሄደ በኋላ ባልዲዋን ሞላች፣ ሁለት ማንኪያ ለካች፣ ጨርቁን ጠብ እስከማይል ጨመቀች። የእመቤቷን ትከሻ፣ እንዳትቀሰቅሳት ብላ፣ ቀስ አድርጋ ወለወለችው።