የደጉ ካርድ

አቶ ገብረየሱስ የሞቱት የጌም መጫወቻውን በሁለት እጃቸው እንደያዙ፣ ፊታቸውን ወደ ቴሌቪዥኑ እንዳዞሩ ነው። ስልሳ አራት ዓመታቸው ነበር፤ ጡረታ የወጡ፣ ከዘራ የማይለያቸው፣ ሰላምታቸው ረዥም የሆነ ሰው። በ2002 ዓ.ም. ሰኔ ላይ፣ ማክሰኞ ከቀኑ በአስራ አንድ ሰዓት፣ አብነት ሰፈር በሚገኘው የዘነበ ጌም ቤት ጓዳ ውስጥ ወንበራቸውን እንደተደገፉ ተገኙ። የተኙ ነበር የሚመስሉት። ሐኪሙ በማግስቱ ጠዋት የሰጠው ቃል አጭር ነበር፤ የገደላቸው የጄኔሬተር ጭስ ነው።

ጄኔሬተሩ ደግሞ ከቦታው ተነስቷል። መብራት በፈረቃ በሚመጣበት በዚያ ወቅት ሁልጊዜ የሚቀመጠው ግቢው ውስጥ፣ አየር ላይ ነበር። ያን ዕለት ግን ግቢውን ከጓዳው በሚያገናኘውና በማይቆለፈው ጠባብ ኮሪደር ውስጥ፣ ነዳጁን ጨርሶ ቆሞ ተገኘ። የጓዳው በር ተዘግቷል። በሟቹ ኪስ ውስጥ አንዲት ቁራጭ ወረቀት ነበረች፤ በፈረንጅ ፊደል፣ በሚንቀጠቀጥ እጅ «ድንቄ» ተብሎ ተጽፎባታል። ሌላ ቃል የለባትም። ድንቄ የሴት ልጃቸው የድንቅነሽ የቤት ስም ነው።

እንግዲህ ሰፈር ምን ብሎ አፉን ይዝጋ? ወንድ ልጃቸው ደጉ በኩላሊት በሽታ ከሞተ ሁለት ዓመቱ ነው፤ ሰውየው ሀዘኑ አልወጣላቸውም። ጄኔሬተሩን ራሳቸው ጎትተው አስገቡ፣ በሩን ዘጉ፣ ለቀረችው ልጃቸው ስንብት ሊጽፉ ጀምረው እጃቸው ዛለ ተባለ። ወሬው ድንኳኑ ተተክሎ ሳያልቅ የንስሐ አባታቸው ጆሮ ገባ። ቄሱም ተጨነቁ፤ ራሱን ላጠፋ ሰው ፍትሐት አይደረግም። ቀብሩ ደግሞ ለሐሙስ ስድስት ሰዓት ተቀጥሯል።

ረቡዕ ጠዋት ድንቅነሽ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ፖሊስ ጣቢያ ሄደች። ጉዳዩን የያዘችው ኢንስፔክተር ማናለብሽ ናት፤ አጭር፣ ድምፀ ወፍራም፣ የሰው ፊት ከማየቷ በፊት እግሩን የምታይ ሴት። ሃያ ሁለት ዓመት በሥራው ላይ ቆይታም የሰው እንባ አልለመደችም፤ ይህን ግን ማንም አያውቅባትም።

«ገዳይ ይፈለግልኝ ብዬ አልመጣሁም» አለች ድንቅነሽ። «አባዬ ራሱን አጥፍቷል ወይስ አላጠፋም? እሱን ብቻ ይንገሩኝ።»

«ሌላ ሰው ቢሆንስ ያደረገው?»

«እሱን ችዬ እኖራለሁ። አውቆ ጥሎኝ ከሄደ ግን አልችልም። ደጉ ከሞተ ወዲህ እኔ መኖሬንም ረስቶ ነበር።»

ማናለብሽ ኮቷን አንስታ ወጣች።

መጀመሪያ ያየችው የሟቹን ጫማ ነው። ጥቁር፣ የተወለወለ፣ ሶሉ ንጹሕ ነበር። ከዚያ ጌም ቤቱ ሄዳ ኮሪደሩ ውስጥ ቁጢጥ አለች። ከግቢው በር እስከ ጄኔሬተሩ እግር ድረስ ሁለት የደረቁ የጭቃ መስመሮች ተስበዋል። ጄኔሬተሩ አጠገብ ባለው አግዳሚ ወንበር ላይ ደግሞ አንድ ጋቢና ሦስት ሸሚዞች ተቀምጠዋል፤ ሸሚዞቹ አንገትጌያቸው ወደ ውስጥ ገብቶ፣ እጅጌያቸው ከኋላ ተቆላልፎ፣ ከሱቅ የመጡ ይመስላሉ።

«የማን ናቸው?» ብላ ጠየቀች።

ባለቤቱ ዘነበ አርባ አምስት ዓመት የሞላው ወንደላጤ ነው፤ ሌሊቱን ሙሉ እንዳልተኛ ዓይኑ ይናገራል። «የእኔ ናቸው። ትናንት ጠዋት አጥቤ አስጥቼ ነው የሄድኩት።»

የሄደው ሰንጋ ተራ ልቅሶ ነበር፤ ከጠዋት እስከ አስር ተኩል እዚያ መዋሉን የዕድሩ ሰው ሁሉ ይመሰክርለታል፤ ሲመለስ ሬሳውን ያገኘውም እሱ ነው። ጌም ቤቱን ቆልፎ ነው የወጣው። አቶ ገብረየሱስ በየት እንደገቡ አያውቅም። ስለ እሳቸው ግን ብዙ ያውቃል፤ ሳይጠየቅም ነገራት። ደጉ አንድ ረዥም ጌም ይጫወት ነበር፤ ባለ ሰይፍ ጀግና አገር ለአገር የሚዞርበት፣ በወራትም የማያልቅ። አንድ መቶ አሥራ ሁለት ሰዓት ተጫውቶ የመጨረሻው ጠላት ያለበት ቤተ መንግሥት በር ላይ ሲደርስ ታመመ። የደረሰበት ሁሉ አውራ ጣት በምታህል ሚሞሪ ካርድ ላይ ቀረ። አባቱ ከአርባው በኋላ ካርዷን ይዘው መጡ። ልጆቹ መጀመሪያ ሳቁባቸው፤ ኋላ ግን ወንበር ይለቁላቸው ጀመር።

«ልብስዎን እንዲህ ነው የሚያጥፉት?»

«እኔማ ጠቅልዬ ነው የምወረውረው። እዚህ ግቢ ዝናብ ሲመጣ ቀድሞ ያየ ያነሳል፤ የማን ነው ተብሎ አይጠየቅም። ማን እንዳነሳልኝ ለመጠየቅም አፍ አላገኘሁ።»

ግቢውን የምትጋራው ነጅማ ናት፤ የዩኒፎርም ሰፊ፣ ባሏን በወጣትነቷ የቀበረች፣ ልጆቿን በአንዲት የስፌት ማሽን ያሳደገች። ጄኔሬተሩን ከዘነበ ጋር በጋራ ነው የገዙት፤ ከእሱ የሚወጣ አንድ ሽቦ በግድግዳው ላይ አልፎ ማሽኗ ጋ ይደርሳል። ማናለብሽ ስትገባ እየሠራች ነበር፤ ቀና አላለችም። መብራቱ በስድስት ሰዓት እንደሄደ፣ ጄኔሬተሩን ራሷ እንዳስነሳች፣ ነዳጁ አስር ተኩል ላይ እስኪያልቅ ማሽኗ ለአፍታ እንኳ እንዳልቆመ ተናገረች። ሰው አላየችም። ጌም ቤቱ ዝግ ነበር።

«ዝናቡስ?»

«ጣለ እንጂ» አለች ነጅማ። የጨረሰችውን የልጅ ሸሚዝ አንስታ አንገትጌውን ወደ ውስጥ አስገባች፣ እጅጌዎቹን ከኋላ አቆላለፈች፣ አጥፋ አስቀመጠችው። እጇ ያለ እሷ ፈቃድ ይሠራ ነበር። ማናለብሽ ያንን አይታ ወጣች።

የቀረው የደጉ ጓደኛ ሮቤራ ነው፤ ሜክሲኮ አካባቢ ኮሌጅ የሚማር፣ ሃያ ሁለት ዓመት የሆነው፣ በጌም ሰፈሩን ያስጨበጨበ። ገና ሳትጠይቀው ትናንት ወደ ጌም ቤቱ ዝር እንዳላለ ማለላት። እሷም እሺ ብላ፣ እንግዲያው እኔ ስለማልችልበት ይህችን ካርድ ክፈትልኝ አለችው። ዕለቱ መብራት የነበረበት ስለሆነ ጓዳው ገብተው የጌሙን ማሽን አበሩ። የማሽኑን ሰዓት ከእጇ ሰዓት ጋር አስተያየች፤ ልክ ነው። ካርዱ ላይ ሦስት መስመር ወጣ።

ሮቤራ እያነበበ በሐበሻ ሰዓት ነገራት። የመጀመሪያው የዛሬ ሁለት ዓመት ደጉ ያስቀመጠው ነው፣ በሩ ላይ። ሁለተኛው ትናንት ስምንት ሰዓት ተኩል፣ ጌሙ አልቆ። ሦስተኛው ትናንት ዘጠኝ ሰዓት ከአስር፣ የመጀመሪያው መንደር ላይ።

«ካለቀ በኋላ መጀመሪያው ላይ? የነበረው ጠፋ ማለት ነው?»

«አይጠፋም። ጌሙን የጨረሰ ሰው ከመጀመሪያው መንደር እንደገና መነሳት ይችላል፤ ጉልበቱም፣ ሰይፉም፣ ያጠራቀመው ሁሉ አብሮት ይመለሳል። አዲስ የሚሆነው መንገዱ ብቻ ነው። ደጉ ሆስፒታል ተኝቶ ለጋሼ ገብረየሱስ ነግሯቸው ነበር፤ ስድን ጨርሼው እንደገና እጀምራለሁ፣ ምንም አይጠፋም ብሏቸው ነበር።»

«የመጨረሻውን ጠላት ጋሼ ብቻቸውን ያሸንፉታል?»

«እንዴት ብለው? እጃቸው እኮ ይንቀጠቀጣል» አለ ሮቤራ። ከዚያ የተናገረውን ሰማው። መጫወቻውን መሬት ላይ አስቀምጦ ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ። ማናለብሽ እስኪወጣለት ጠበቀችው። ሲነግራት ደግሞ ሁሉንም ነገራት፤ እሷም አስር ሰዓት ላይ መጥተህ ይህንኑ በሰው ፊት ትደግመዋለህ አለችው።

በአስር ሰዓት ጓዳው ውስጥ ስድስት ሰዎች ነበሩ። ድንቅነሽ የአባቷን ወንበር ትታ ግድግዳ ተደግፋ ቆመች። ቄሱ መስቀላቸውን ይዘው በርጩማ ላይ ተቀመጡ። ዘነበና ሮቤራ ጎን ለጎን ናቸው። ነጅማ ከልቅሶው ቤት ነው የመጣችው፤ ከቀትር ጀምሮ ውኃ ስትቀዳ፣ ሰሃን ስታጥብ ነበርና እጇ ገና እርጥብ ነው። በሩ አጠገብ ቆመች።

ማናለብሽ ነገር አላንዛዛችም። «ትናንት ዝናቡ የጀመረው ልክ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ነው፤ ሜክሲኮ ታክሲ ስጠብቅ እኔንም ደብድቦኛል። ጄኔሬተሩ ከግቢ ጭቃ ይዞ ነው የገባው። ስለዚህ የተጎተተው መሬቱ ከራሰ በኋላ ነው። የአቶ ገብረየሱስ ጫማ ግን ጭቃ አልነካውም። ከገቡ በኋላ አልወጡም ማለት ነው። ጄኔሬተሩን ያስገቡት እሳቸው አይደሉም።»

ድንቅነሽ ትንፋሿን ስትለቅ ተሰማ። ቄሱ አንገታቸውን ሰበሩ።

«ሁለተኛው ነገር ይህ ካርድ ነው» ቀጠለች። «ዘጠኝ ሰዓት ከአስር ላይ፣ ዝናቡ እየወረደ፣ እዚህ ተቀምጠው የደረሱበትን አስቀምጠዋል። ሰው ጨዋታውን የሚያስቀምጠው ነገ መጥቶ ሊቀጥል ነው። ሊሞት የተቀመጠ ሰው ለነገ አያስቀምጥም። ሮቤራ፣ ተናገር።»

ሮቤራ ቆሞ ተናገረ። በኮሪደሩ በኩል ያለው የጓዳው በር አንዱ ቁልፍ እሱ ጋ ነው፤ ዘነበ ግን እኔ በሌለሁበት እንዳትከፍት ብሎታል። ትናንት ጋሼ ገብረየሱስ ለመኑት፤ ማክሰኞ ደጉ የተወለደበት ቀን ነበር። እምቢ ማለት አልቻለም። በጓሮ አስገባቸው፣ የመጨረሻውን ጠላት አብረው ጣሉት፣ አዲሱን መንገድ አስጀመራቸው። ዝናቡ ሳይመጣ ክፍል ስለነበረው ሄደ። ሲወጣ ማንም እንዳይሰማ የቴሌቪዥኑን ድምፅ ቀነሰ፣ የጓዳውን በር ዘጋ።

«በሩን የዘጋሁት እኔ ነኝ» አለ፤ ደግሞ ደጋግሞ አለው።

ዘነበ ሊቆጣ አፉን ከፍቶ ነበር፤ ልጁን ሲያይ ተወው።

ማናለብሽ የታጠፉትን ሸሚዞች ከኮሪደሩ አግዳሚ አምጥታ ጠረጴዛው ላይ አኖረቻቸው። «ጄኔሬተሩ አጠገብ እነዚህ ነበሩ። ልብሱን ከዝናብ ያነሳው ሰው ነው ጄኔሬተሩንም ያነሳው። ሰው ሊገድል የመጣ የሰው ሸሚዝ አያጥፍም። ይህ ሰው መልካም ሊሠራ ነው የወጣው። ጄኔሬተሩ ሲሠራ ሰምቶም ውስጥ ሰው አለ ብሎ አልጠረጠረም፤ ለምን እንደሚሠራ ያውቅ ነበራ። ለራሱ ማሽን ነበር የሚሠራው።»

ወደ ማንም ቀና ብላ አላየችም። አላስፈለጋትም።

«እኔ ነኝ» አለች ነጅማ።

ድምፅዋ ዝቅ ያለ ነበር። ቆርቆሮው ላይ ዝናቡ ሲወርድ ሮጣ ወጣች። የዘነበን ልብስ አነሳች። ጄኔሬተሩም ውኃ ከገባበት ይቃጠላል ብላ ጎትታ ኮሪደሩ ውስጥ አስገባችው፤ ውሽንፍሩ እንዳይገባም የኮሪደሩን የውጭ በር ገርበብ አደረገችው። ጌም ቤቱ ዝግ ነው፣ ማን ይኖራል? በዝናቡ ጩኸት ምንም አልሰማችም። ልብሱን አጥፋ ወደ ስፌቷ ተመለሰች። ማታ ሰውየውን ተሸክመው ሲያወጧቸው ነው ያወቀችው።

«ልናገር ስል አፌ ተሳሰረ» አለች። «ሰው ራሳቸውን አጠፉ ሲል እየሰማሁ ዝም አልኩ። ከገደልኳቸው ይልቅ ይሄኛው ነው ያንገበገበኝ።»

ማናለብሽ ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ ነገር ሲፈታ ደስ ይላት ነበር፤ ያን ቀን ግን ደስታው አልመጣላትም። ቃሉን መጻፍ እንዳለባት፣ ፋይሉ ወደ ዐቃቤ ሕግ እንደሚሄድ፣ ሮቤራም ለምስክርነት እንደሚጠራ ተናገረች። ነጅማ ይሁን ብላ ራሷን ነቀነቀች። ቄሱ ተነሡና ወደ ድንቅነሽ ዞሩ፤ «ፍትሐቱ ይደረጋል ልጄ። እኔው ራሴ አደርሳለሁ» አሏት።

ድንቅነሽ ግን ወደ ነጅማ ነበር የምታየው። «እትዬ ነጅማ፣ ዛሬ ላናግርዎት አልችልም» አለች። «ነገ ግን ከቀብሩ እንዳይቀሩብኝ።»

ነጅማ ነጠላዋን አፏ ላይ ያዘች።

«ወረቀቷስ?» አለች ድንቅነሽ ወደ ኢንስፔክተሯ ዞራ። «ስሜን የጻፈው ለምንድን ነው ታዲያ?»

ማናለብሽ ለሮቤራ ምልክት ሰጠችው። እሱም ማሽኑን አብርቶ ሦስተኛውን መስመር ከፈተ። ትንሽ መንደር ወጣች፤ የውኃ ጉድጓድ፣ አንድ ዛፍ፣ ደጉ በራሱ ስም የጠራው ባለ ሰይፍ ወጣት፣ ከኋላው አንዲት ልጅ። ጌሙ እንደገና ሲጀመር የጀግናውን ተከታይ ስም ይጠይቃል፤ ደጉ በመጀመሪያው ጊዜ ዝም ብሎ ያለፈውን። ጋሼ ግን ቆይ አሉ። የ«ድንቄ»ን ፊደል ሮቤራ ለብቻው ጽፎ አሳያቸው፤ እሳቸው ወረቀት ላይ እየተንቀጠቀጡ ገለበጡት፣ ከዚያ አንድ በአንድ ራሳቸው አስገቡት። ሩብ ሰዓት ፈጀባቸው። ላግዝዎት ቢላቸው እምቢ አሉ።

«ምን አሉህ?» ብላ ጠየቀችው ማናለብሽ፤ መልሱን ብታውቅም።

«ደጉ ብቻውን ብዙ ሄዷል፣ አሁን ከእህቱ ጋር ይሂድ አሉ። እሷንም ብቻዋን ትቻት ነበር አሉ። ቅዳሜ ይዣት መጥቼ አሳያታለሁ ብለው ነበር።»

ድንቅነሽ ከግድግዳው ተላቀቀች። የአባቷ ወንበር ላይ ቀስ ብላ ተቀመጠችና መጫወቻውን አነሳች። የቱን እንደሚነኩ ስለማታውቅ አንዱን ዝም ብላ ጫነች። ደጉ ተራመደ። ድንቄ ተከተለችው። ስታቆም ቆሙ፤ ስትነካው ደግሞ ሄዱ። ያን ጊዜ ነው አባቷ ከሞቱ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ጮክ ብላ ያለቀሰችው፤ ማንም አይዞሽ አላላትም፣ ተዉአት።

ብዙ ቆይታ ዓይኗን በነጠላዋ ጠረገች።

«እንዴት ነው የሚቀመጠው?» አለችው ሮቤራን።

እሱም አጠገቧ ተንበርክኮ አሳያት። የደጉን መስመር አልነኩም፤ የአባቷንም አልነኩም። ከሥራቸው ባለው አራተኛው ባዶ ቦታ ላይ አስቀመጠችው።