ከሦስተኛው መስኮት ጀርባ

«አሁን ዝም በሉ» አለች ታምሲን ድምጿን ዝቅ አድርጋ። «ጫጫታ አትወድም።»

ጀልባዋ ላይ ያሉት ሰዎች ዝም አሉ። የሳንድዊች ወረቀት ሲያንኮሻኩሽ የነበረው ሰውዬ እንኳን ተወው። ጠፍጣፋዋ ጀልባ ጣሪያ ባለው የድንጋይ ድልድይ ሥር ስትገባ አየሩ ቀዘቀዘ። ከዚያ ከየት እንደመጣ የማይታወቅ ኳ፣ ኳ፣ ኳ ተሰማ። አንዲት ሴት የባሏን ክንድ ጭምድድ አደረገች።

ታምሲን ግን ከየት እንደመጣ ታውቃለች። የአጎቷ ልጅ ጄጎ ከኋላ ቆሞ ጀልባዋን በረጅም ዘንግ እየገፋ፣ በጫማው ተረከዝ ወለሉን መምታቱ ነው።

ታምሲን አሥራ አምስት ዓመቷ ነው። ትምህርት ቤት ሲዘጋ ከጄጎ ጋር ትሠራለች፤ እሱ ይገፋል፣ እሷ ታወራለች። በኮሌጆቹ መሃል በሚያልፈው በካም ወንዝ ላይ እንግዳ የሚያንሸራሽሩ ልጆች ማንም ያልጻፈው አንድ ደንብ አላቸው፦ ተሳፋሪ ለጠየቀው ሁሉ መልስ ይሰጠዋል። «አላውቅም» የሚል አፍ ጉርሻ አያገኝም።

የድልድዩ እውነተኛ ታሪክ ደግሞ እንቅልፍ ያመጣል። ኮሌጁ ተማሪ በዛበት፤ ከወንዙ ማዶ አዲስ ሕንፃ ሠራ፤ አሮጌውንና አዲሱን በድልድይ አገናኘ። ተማሪዎቹን ዝናብ እንዳይመታቸው ጣሪያ ተደረገለት። በመስኮት ሾልከው እንዳይጠፉ ደግሞ የድንጋይ ፍርግርግ። በቃ። ታምሲን ይህን ስትናገር ሰዉ ዳክዬ ይቆጥራል።

ዕረፍቱ በተጀመረ ሰሞን አንድ ሕፃን «መስኮቶቹ ለምን ታሰሩ?» ብሎ ጠየቃት።

«ሄስተር እንዳትወጣ» አለችው።

ሄስተር መጀመሪያ ስም ብቻ ነበረች። በማግስቱ የኮሌጁ ወጥ ቤት ሠራተኛ ሆነች፤ በሳምንቱ ወንዙ ውስጥ ሰጠመች፤ ከዚያ ሦስተኛው መስኮት ጋ ቆማ ድንጋይ ማንኳኳት ጀመረች። ሌሎቹ ጀልባዎችም ሰረቋት። ቀይ ኮፍያ የሚያደርጉት ልጆች ሙሽራ አደረጓት። አንዱ ደግሞ አብሯት የሰጠመ ውሻ ጨመረላት።

«ውሻው ምን አርጎ ነው?» አለ ጄጎ። ከልቡ ነበር የጠየቀው።

ታምሲን ለማንም ያልነገረችው ነገር ነበር። ከተወሰነ ጊዜ ወዲህ ሦስተኛውን መስኮት ማየት ትታለች። ባዶ ጀልባ ይዘው ሲመለሱ፣ ልክ ድልድዩ ሥር ሲደርሱ፣ ጎንበስ ትላለች።

«የራስሽን ቀደዳ ፈራሽ እንዴ?» አላት ጄጎ።

«የጫማዬን ክር ላስር ነው።»

«ጫማሽ ክር የለውም እኮ።»

ድልድዩን ሲያልፉ «ዛሬ ግን አራቴ ነው ያንኳኳኸው» አለችው።

«ሦስቴ ነው።»

ከዚያ በላይ አልተከራከሩም።

ሚስተር ውድጌት በየሐሙሱ ብቻቸውን የሚመጡ ሽማግሌ ናቸው። ክራቫት አስረው ከፊት ይቀመጣሉ፤ ድልድዩ ሥር ሲደርሱ ባርኔጣቸውን ያወልቃሉ። አንድ ሐሙስ ሌሎቹ ሲወርዱ እሳቸው አልተነሱም።

«ልጄ፣ ይሄን ታሪክ ማን ነገረሽ?»

«የድሮ ሰዎች» አለች ታምሲን። ምላሷ ደንቡን ለምዷል።

«እኔም እንደዚያ መስሎኝ ነበር። ስሟ ግን ጆአን ነው። ከአፍ አፍ ሲሄድ ይለወጣል፤ ምንም አይደል።» ባርኔጣቸውን ጭናቸው ላይ አዞሩት። «እህቴ ናት። እዚህ ወጥ ቤት ሳህን ታጥብ ነበር። ያገኟት ከዚህ ድልድይ ሥር ነው። እናቴ ስሟ በቤታችን እንዳይነሳ አለች፤ አልተነሳም። ሰባ ዓመት ሙሉ። ባለፈው ወር በወንዙ ዳር ሳልፍ አንቺ ስትናገሪ ሰማሁ።»

ጄጎ ዘንጉን ቀስ ብሎ አጋደመ።

«አንቺ ሁልጊዜ ከዚህ አትጠፊምና» አሉ ሽማግሌው፣ «አይተሻት ታውቂያለሽ? ይበርዳታል?»

መልሱ አፏ ላይ ተዘጋጅቶ ነበር፤ ያምራልም። አይበርዳትም፣ ሻርፕ ለብሳለች፣ ፈገግ ትላለች። ጄጎ ከኋላቸው ሆኖ በዐይኑ «በያቸው» አላት። ብትላቸው ደስ ብሏቸው ወደ ቤታቸው ይሄዳሉ። በሚቀጥለው ሐሙስም ይመጣሉ፤ ይጠይቃሉ፤ እሷም ሌላ ትጨምራለች። ሻርፑን፣ ቀጥሎ ድምፁን፣ ቀጥሎ መልእክቱን።

«አላየኋትም» አለች። «ሚስተር ውድጌት፣ ሄስተርን የፈጠርኳት እኔ ነኝ። አንድ ሕፃን ጠየቀኝና… ማንም አልነገረኝም።»

«ወጥ ቤት ብለሻል እኮ።»

«ገምቼ ነው።»

«ሦስተኛው መስኮትስ?»

«ከጀልባ ላይ ደህና አድርጎ የሚታየው እሱ ስለሆነ ነው።»

«ማንኳኳቱስ?»

ታምሲን ጄጎን አየችው። ጄጎ ተረከዙን አየ።

ሽማግሌው ባርኔጣቸውን አደረጉ። ደግፋ ስታወርዳቸው እጃቸው እንደ ደረቅ ቅጠል ቀለላት። ወንዙ ዳር ቆመው፣ ለእሷ ሳይሆን ለውሃው በሚመስል ድምፅ፣ «ስሟን የሚጠራ ሰው ተገኘ ብዬ ነበር» አሉ። ከዚያ ሄዱ።

«አርፈሽ አትመልሺላቸውም ነበር?» አለ ጄጎ። «ደስ ብሏቸው ይሄዱ ነበር።»

«አውቃለሁ።»

«በይ ፊትሽን አስተካክይ፣ ሰው እየመጣ ነው። ሄስተርን ከተውሽ ተሳፋሪውን ሁሉ ቀይ ኮፍያዎቹ ናቸው የሚወስዱት። እኔም ክረምቱን ዳክዬ ስገፋ እከርማለሁ።»

አዲሶቹ ተሳፋሪዎች ተቀመጡ። ጸጉሯን የተጎነጎነች ልጅ ገና ጀልባዋ ሳትነቃነቅ «የምታንኳኳዋ የታለች?» አለች። ታምሲን ስለ ኮሌጁ አወራች፣ ስለ ጣሪያው፣ ስለ ፍርግርጉ። ልጅቷ ዳክዬ መቁጠር ጀመረች።

ድልድዩ ሥር ገቡ። ቀዘቀዘ። ጄጎ ተረከዙን አነሳ። ታምሲን ዞር ብላ መዳፏን አሳየችው፤ ተረከዙ አየር ላይ ቀረ።

«የምታንኳኳ የለችም» አለች። «ጆአን የምትባል ልጅ ግን ነበረች። እዚህ ወጥ ቤት ሳህን ታጥብ ነበር። እዚህ ውሃ ውስጥ ሞተች።»

«እንዴት ነው የሞተችው?» አለች ልጅቷ።

«አላውቅም።»

ከዘንጉ ጫፍ ውሃ ይንጠባጠባል፤ ሌላ ድምፅ የለም። ሁሉም ግን ጆሮውን ጥሎ ይጠብቅ ነበር፤ ጄጎም ጭምር፣ እግሩን እንዳነሳ።

ታምሲን ቀና ብላ፣ ጀልባዋ ከጥላው እስክትወጣ ድረስ፣ ሦስተኛውን መስኮት አየችው።