ቅቤ ያልጠጣ ጠፍር

«ከሞተ ስንት ጊዜ ሆነው?» ሲሉ ባሻ ገረሱ ጠየቁ።

«ዛሬ ነው» አለች ተናኘወርቅ። የልጇ ባል ወልደ ሚካኤል ጠዋት ከእጇ ቁርስ በልቶ ነው የወጣው። ገና እኩለ ቀን ሳይሆን ከፊቷ የተጋደመው ግን የወር ሬሳ ነበር፤ አብጦ ፈርጧል፣ ትሉ ከአንገትጌው ሥር ይርመሰመሳል። አፏን በነጠላዋ አፍና ወደ አጥሩ ዞረችና አስመለሳት።

ጣሊያን አዲስ አበባ ከገባ ወዲህ ጊዜ እዚህም እዚያም መባለግ ጀምሯል። በአንዱ ጓሮ ወተት ታልቦ ሳይበርድ ይረጋል፤ በሌላው ጫጩት ሳትራመድ አርጅታ ትሞታለች። ከልደታ ቤተ ክርስቲያን በታች፣ ገደሉ ውስጥ የተከፈተው ጉድጓድ ግን ከሁሉ የከፋ ነበር። ውጭ ያለ ሰው አንዴ ሲተነፍስ እዚያ ውስጥ አንድ ቀን ያልፋል። ወልደ ሚካኤል ጊዜ ገሪ ነው፤ እንዲህ ያለው ቦታ ገብቶ ዙሪያውን የወይራ ካስማ እየተከለ ባለጌውን ጊዜ እንደ በቅሎ አስሮ ያበርደዋል።

ገሪ ብረት ይዞ አይገባም፤ ብረት ጊዜውን ያስበረግገዋል። ደረቱ ላይ የቆዳ ጠፍር ይታሰርለታል፣ መሳቢያው ገመድ ከጠፍሩ ይያያዛል። ውስጥ ልቡ ቢሰወር እንዳይፈታው ቋጠሮው ከጀርባ ነው። ጠፍሩን ገመድ ያዡ ቅቤ ይቀባዋል፤ ሚስት ታስረዋለች።

ያሰረችው እንግዲህ ሠርካዲስ ናት፣ የተናኘወርቅ ልጅ። ጠፍሩ ደግሞ የሟቹን ሥጋ ሰርስሮ ጎድኑን ሰብሮ ተገኝቷል። ካራቢኔሪዎች፣ የጣሊያን ፖሊሶች፣ በማግስቱ ጠዋት መጥተው እንደሚወስዷት ተነግሯታል። የተወሰደ ሰው ሲመለስ በሰፈሩ ያየ የለም። ተናኘወርቅ ባሻን የጠራችው ለዚህ ነበር፤ በንጉሡ ጊዜ የነፍስ ግድያ መርማሪ ነበሩ፣ ዛሬ ሥራ ፈትተው ቤታቸው ተቀምጠዋል።

ባሻ ሽታውን ችለው ተንበረከኩ። የሟቹን ጣቶች በእንጨት እያነሡ አዩ፣ የቆሎ ከረጢቱን ፈቱ። ከዚያ ሠርካዲስን ጠፍሩ ስታስረው ምን ይመስል እንደ ነበር ጠየቋት። ቀዝቅዞ እንደ ነበር፣ የኅዳር ውርጭ እንደ መሰላት ነገረቻቸው።

ቅቤ ነጋዴዋ ጎረቤት ዙሃራ አፍንጫዋን ይዛ ከደጅ ቆማለች።

«ዛሬ ቅቤ የገዛሽ ማን ነው?»

«ገመድ ያዡ ሀብተሥላሴ ነው፣ ባሻ። ለጠፍሩ አለኝ። ጣት የማትሞላ ወሰደ። እኔ ለጠጉሬ የምቀባው ይበልጣል ብዬ ሳቅሁበት።»

«ወልደ ሚካኤል ራሱ ሲገዛስ?»

«እሱማ ቅሉን ሙሉ ነበር። ጠፍር እንደ ሰካራም ይጠጣል ይለኝ ነበር።»

የአጥር ጎረቤታቸው ሀብተሥላሴ በዚህ መሐል መጣ። ሥጋ በልቶ ኖሮ ከንፈሩ ያብለጨልጫል፤ በስንጥር ጥርሱን እየጎረጎረ ሬሳውን ተሻግሮ መጥቶ የተናኘወርቅን ትከሻ ሳመ። የአፉ ወዝ ቀሚሷ ላይ ቀረ። ልብሷን አውልቃ ብትጥል በወደደች።

«ምን ሆነ፣ ልጄ?» አሉት ባሻ።

«ከውስጥ ‹ሀብቴ፣ ሳበኝ› ሲል ሰማሁት። ወዲያው ሳብሁ፤ ገመዱን ግን ድንጋይ ያዘብኝ።»

ባሻ ራሳቸውን ነቀነቁና አራቱንም ከሬሳው ራቅ አድርገው ግቢው ውስጥ ሰበሰቧቸው።

«ወር ሙሉ የኖረ ሰው ጥፍሩ ያድጋል፣ ቆሎውንም ይበላል» ሲሉ ጀመሩ። «የወልደ ሚካኤል ጥፍር አጭር ነው፤ ቆሎው አልተነካም። ስለዚህ የሞተው እንደ ገባ፣ በመጀመሪያው ቀን ነው። የበሰበሰው ከሞተ በኋላ ነው። በአንድ ቀን የገደለው ይኸው ጠፍር ነው። እርጥብ ቆዳ ሲደርቅ ይኮማተራል፤ አልጋ የጠፈረ ሁሉ ያውቀዋል። ቋጠሮው ከጀርባው፣ ቢላ በእጁ የለም።»

«ያሰረችው ሚስቱ ናት» አለ ሀብተሥላሴ።

ባሻ ጠፍሩን በቢላ ቆረጡት። ላዩ ወዛም ነው፤ ውስጡ እንደ ቀንድ ነጭና ደረቅ።

«ደረቅ ጠፍር ቅቤውን እስከ ልቡ ይጠጣል። ሠርካዲስ ከተቀባ በኋላ ነክራው ቢሆን ውስጡ ቅቤ በተገኘ ነበር። ይህ ሲቀባ ሌሊቱን ውሃ ውስጥ ያደረ ነበረና አልጠጣም፤ ሠርካዲስን ውርጭ የመሰላትም ውሃው ነው። ለዚህ ነው ጣት የማትሞላ ቅቤ የበቃችህ። ቀቢው ደግሞ አንተ ነህ።»

«ጠርቶኝ ነው የሳብሁት አልኩ እኮ!»

«አንተ ስትተነፍስ እሱ ዘንድ ቀን ያልፋል። የእሱ ቃል ላንተ የዝንብ ክንፍ ያህልም አይሰማም። ያልተሰማ ነገር ሰማሁ ያልኸው እስኪሞት መጠበቅህን ለመሸፈን ነው።»

ሀብተሥላሴ ስንጥሩን ተፋ። አላፈረም። የጣሊያኑ ካፒቴን ጉድጓዱ እንዳይገራ ይፈልግ እንደ ነበር፣ እሱንም የሰፈሩ ሹም ሊያደርገው ቃል እንደ ገባለት ራሱ ተናገረ። «እስረኛ ቢጣልበት ጥይት አይፈጅ፣ መቃብር አያስቆፍር። ለማን ትከሱኛላችሁ? ለካፒቴኑ?» ብሎ ከንፈሩን በመዳፉ ጠርጎ ወጣ።

ተናኘወርቅ ይህ አፍ ከእሷ ገበታ የጎረሰውን አስባ የሳመውን ትከሻዋን በነጠላዋ ፈገፈገች።

ሠርካዲስ አላለቀሰችም። የባሏን ካስማዎች ሰብስባ ወደ ገደሉ ወረደች። ገመዱን እናቷ ያዘች። አንዴ ተነፈሰች፣ ሁለተኛ ተነፈሰች፤ በሦስተኛው ባላት ጉልበት ሳበች። ልጇ ከንፈሯ ተሰነጣጥቆ፣ ዓይኗ ጎድጉዶ ወጣች። ከኋላዋ ጉድጓዱ ላይ አንድ ቅጠል ሳይጠወልግ ወደቀ። ጊዜው ተገርቷል፤ ከእንግዲህ የሚጣልበት እስረኛ አይኖርም።

«እማዬ፣ ሳይነጋ አብረን እንሽሽ።»

ሬሳውን ማን ያስቀብራል አለቻት ተናኘወርቅ፤ የሚመጡትስ ቤቱን ባዶ ካገኙት ፈረስ ጭነው ይከተሉናል፣ እኔ በነገር ባቆያቸው ይሻላል ብላ ስንቅ ቋጠረችላት። ሀብተሥላሴ ስለሚጠቁምባቸው ባሻም ከዚህ በኋላ ቤታቸው ማደር አይችሉም ነበር፤ አብረዋት ወጡ።

ጠዋት ካራቢኔሪዎች በር ሲደበድቡ ሠርካዲስና ባሻ ገረሱ በአብነት ሰፈር በኩል ከከተማው ወጥተዋል። ተናኘወርቅ ቀረች። ሀብተሥላሴም ከአጥሩ ማዶ፣ እዚያው ቤቱ ቀረ።