ያልገጠመ ጉልበት

መርማሪው መቶ አለቃ ሸዋንግዛው የካርድ ክፍሉን በር ሲከፍት ዓይኑ መጀመሪያ ያረፈው የሟቹ ጫማ ላይ ነበር። የግራው ደህና ነው። የቀኙ አፍንጫ ግን ተልጦ ክሩ ወጥቷል።

ነገሩ የሆነው በ1978 ዓ.ም. አዋሳ ውስጥ፣ ከፒያሳ ወደ ሐይቁ በሚወስደው መንገድ ዳር በነበረች፣ ዛሬ በሌለች አንዲት የቁስለኞች ሆስፒታል ነው። የካርድ ክፍሉ ሠራተኛ አቶ ደምሴ ከመሰላሉ ሥር በጀርባው ተንጋሏል። ማጅራቱ የብረት ቁም ሣጥኑን ጥግ መትቶ ደም ረግቶበታል። በምሳ ሰዓት ሁሉም ሲወጣ እሱ ብቻ ቀርቶ ነበር፤ ሰባት ተኩል ላይ ያገኘችው የጽዳት ሠራተኛዋ ወይዘሮ ወርቅነሽ ናት። ቆርቆሮው ጣሪያ ላይ አባ ኮዳዎች፣ እነዚያ የሐይቁ ግዙፍ ወፎች፣ ቆመዋል። ጥፍራቸው ቆርቆሮውን በነካ ቁጥር ክፍሉ ውስጥ ቀጭ፣ ቀጭ ይላል።

የአቶ ደምሴ ሥራ ሐኪም የጻፈውን እያነበበ ለበሽታው ቁጥር መስጠት ነበር። ቀላል ሥራ እንዳይመስላችሁ። የጉልበት ሎሚው የተሰበረ ወታደር 822 ከተባለ፣ ይድናል ማለት ነውና ሦስት ወር አርፎ ወደ ግንባር ይመለሳል። ስብራቱ ሳይገጥም ከቀረ ቁጥሩ 733 ነው፤ ያ ሰው ይሰናበታል። ከአዲስ አበባ የሚመጣው ቦርድ ጉልበት ገልጦ አያይም። ቁጥር ያነባል፣ ይፈርማል። ቦርዱ ደግሞ በማግሥቱ ሦስት ሰዓት ላይ ሊቀመጥ ተቀጥሯል።

አስተዳዳሪው ጓድ በኃይሉ መሐረባቸውን እያጣጠፉ መጡ።

«መውደቅ ነው እኮ መቶ አለቃ፤ ምን ምርመራ ያስፈልገዋል? ስድስት ተኩል ላይ በመስኮቱ ሳልፍ መሰላሉ ጫፍ ላይ ሆኖ ካርድ ሲፈልግ በዓይኔ አይቼዋለሁ። ‹ጓድ ደምሴ፣ ምሳህን እዚያው ልላክልህ ወይ?› ብዬ ቀልጄበታለሁ።»

«መለሰልዎ?»

«ሳቀ።»

ሸዋንግዛው ይህን ጻፈ። ከዚያ ጠረጴዛው ላይ ለቦርዱ በሲባጎ የታሰሩትን ካርዶች ቆጠረ። ዝርዝሩ አሥራ አራት ይላል፤ ካርዱ አሥራ ሦስት ነው። የጎደለው ገብረየስ የሚባል ወታደር ነው፤ ከአሥራ አራቱ መካከል ጉልበቱን የታመመ እሱ ብቻ ነበር። ጓድ በኃይሉ ይህን ሲሰሙ ፊታቸው ተለወጠ። ወታደሩ ትናንት በሟቹ ላይ ሲጮህበት ግቢው ሁሉ ሰምቷል፤ ካርዱን ሰርቆ፣ መሰላሉንም ገፍቶ ይሆናል አሉ። ካርዱ እስከ ነገ ሦስት ሰዓት ካልተገኘም እሳቸው በ822 አዲስ ያወጡለታል።

ገብረየስን በረንዳው ላይ ተቀምጦ አገኘው። ሃያ ሁለት ዓመት ቢሆነው ነው።

«ጮኸህበታል?»

«አልዋሽም፣ ጮኼባቸዋለሁ። ቁጥሬን ይንገሩኝ ብላቸው ነገ ትሰማዋለህ አሉኝ። ባለፈው ቦርድ አሥራ አንድ ልጆች 822 ተብለው ሄዱ፤ ጉልበታቸው እንደኔው ነበር። ወደ ኋላ ሽሹ ሲባል ጉልበቱ የማይዘረጋለት ሰው ምን ይሆናል ጌታዬ? አንድም አልተረፈም።»

ተነስቶ ሲራመድ ጉልበቱ ቀጭ አለ። መቶ አለቃው ሳያስበው ወደ ጣሪያው ቀና አለ። ልጁ ፈገግ አለ።

«የሳቸውም እንዲህ ይል ነበር።»

«የማን?»

«የሟቹ። ከሰው ይደብቁት ነበር፤ ከኔ ጆሮ ግን አላመለጡም።»

ሸዋንግዛው ቀጥታ ጉልበት ወደምትጠቀልለው ነርስ፣ ወደ ሲስተር ታቢታ ሄደ። ነርሷ መጀመሪያ እምቢ አለች፤ ለሰው አልናገርም ብላ ቃል ሰጥታለች። ኋላ እንባዋን ጠርጋ ነገረችው። ከአምስት ዓመት በፊት አቶ ደምሴ ቱላ መንገድ ላይ ከብስክሌት ወድቆ የቀኝ ጉልበቱ ሎሚ ለሁለት ተከፈለ፤ ሳይገጥምም ቀረ። ሜዳ ላይ ይራመዳል። ደረጃ ግን አንድም አይወጣም። ከታወቀ ከሥራ እንዳያሰናብቱት ብሎ ለራሱ 822 ጻፈ። «ለሰው ሁሉ እውነቱን ሲጽፉ ኖረው፣ ለራሳቸው ብቻ ዋሹ» አለች።

ወይዘሮ ወርቅነሽ ደግሞ የባሰውን አወራችለት። አሥራ አንዱ መሞታቸው ከተሰማ ወዲህ አቶ ደምሴ እንቅልፍ አጥቶ ነበር። ቁጥራቸውን የለወጠው እሱ ነው፤ ማን እንዳዘዘው ግን አልነገራትም። ጣሪያው ቀጭ ባለ ቁጥር ብዕሩን አስቀምጦ ይቆጥራል። «አባ ኮዳ ነው እኮ ስላቸው፣ ‹አይደለም ወርቅዬ፣ ጉልበት ነው፤ አሥራ አንድ ነው› ይሉኛል።»

በማግሥቱ ሁለት ሰዓት ላይ መቶ አለቃው አስተዳዳሪውን፣ ወታደሩን፣ ነርሷንና ወይዘሮ ወርቅነሽን በካርድ ክፍሉ ውስጥ ሰበሰባቸው። ቦርዱ ሊደርስ አንድ ሰዓት ቀርቶታል። ገብረየስ ግድግዳውን ተደግፎ በሩን በሩን ያያል።

«ጓድ በኃይሉ፣» አለ ሸዋንግዛው ለስለስ ብሎ፣ «አቶ ደምሴ ጉልበታቸውን ታመው ያውቁ ነበር?»

«ድሮ ተሰብሮ ነበር፤ ድኗል። 822 ነው። የሠራተኛውን ካርድ የምፈርመው እኔ አይደለሁ?»

«ጥሩ። የኔ ነገር የጀመረው ከጫማቸው ነው። የቀኙ አፍንጫ የተላጠው እግሩ ስለሚጎተት ነው። ከጠረጴዛው ሥር እግር ማሳረፊያ ሣጥን አለ፤ ተረከዝ አጎድጉዶታል። ወይዘሮ ወርቅነሽ፣ ከላይኛው መደርደሪያ ካርድ ሲፈለግ ማን ነበር የሚወጣው?»

«እኔ ነኛ። አምስት ዓመት ሙሉ።»

«አቶ ደምሴ ቢወድቁም፣ የወደቁት ከመሰላል አይደለም ማለት ነው። መሰላሉን እዚያ ያቆመው ሌላ ሰው ነው። ያ ሰው ደግሞ መውጣት እንደማይችሉ አያውቅም። ወይዘሮ ወርቅነሽ ታውቃለች። ሲስተር ጉልበታቸውን ትጠቀልል ነበር። ገብረየስ በጆሮው ለይቶታል። ሦስቱም እንዲህ ያለ ስህተት አይሠሩም። ሰውየውን በካርድ ብቻ የሚያውቅ አንድ ሰው ነው የቀረው። እሱም መሰላሉ ጫፍ ላይ ሲስቁ አይቻቸዋለሁ ብሎኛል።»

ጓድ በኃይሉ ሊናገሩ አፋቸውን ከፈቱ። ሸዋንግዛው ግን ጎንበስ ብሎ ከታችኛው መደርደሪያ የራሳቸውን የአቶ ደምሴን ካርድ አወጣ። ሁሉም እንዲያዩት ገለጠው። 822 በቀይ ተሰርዟል። ከጎኑ 733 ተብሎ፣ ሟቹ በሞተበት ቀን ተፈርሟል። እጥፉ ውስጥ ሌላ ካርድ ነበር፤ ገብረየስ፣ 733። ከአቶ ደምሴ ካርድ ጀርባ የአሥራ አንድ ሰው ስም ተደርድሮ፣ ከሥሩ «በጓድ በኃይሉ ትእዛዝ ቁጥራቸውን የለወጥኩባቸው» ይላል።

«አቶ ደምሴ ትናንት ጠዋት ከራሳቸው ጀመሩ» አለ መቶ አለቃው። «እርስዎ ምሳ ሰዓት ላይ ገብተው የገብረየስንም ለውጥ አሏቸው። እምቢ አሉዎት። ካርዱን ፈልገው አጡት፤ በራሳቸው ካርድ ውስጥ ይደብቁታል ብለው አላሰቡም።»

አስተዳዳሪው ወንበሩን ይዘው ተቀመጡ።

«ወደ ግንባር የሚመለሰው ወታደር ቁጥር ጎደለ ብለው ከላይ ያስጨንቁኛል። ገፋሁት እንጂ አልመታሁትም። አንድ እግሩን ወደ ኋላ ቢያደርግ ይቆም ነበር።»

«ያንን እግር ነው ያላወቁት።»

ሦስት ሰዓት ላይ ቦርዱ ተቀመጠ። ሰብሳቢው ቀና ሳይል ካርዱን አነበበና «ይሰናበት» ብሎ ፈረመ። ገብረየስ እየተራመደ ወጣ፤ ጉልበቱ ቀጭ፣ ቀጭ እያለ እስከ አስፋልቱ ድረስ ተሰማ።

ሸዋንግዛው ግን አልሄደም። ወይዘሮ ወርቅነሽን መሰላሉን ውጪልኝ አላት፤ የአሥራ አንዱን ካርድ አወረደች። ሲስተር ታቢታ ሐኪሙ የጻፈውን እያነበበች 822ን ሰርዛ 733 ጻፈች፣ አንድ በአንድ።

«አሁን ምን ይጠቅማቸዋል?» አለች በመጨረሻ።

ሸዋንግዛው ካርዶቹን በሲባጎ አሰራቸው። ጣሪያው ቀጭ አለ።

«አባ ኮዳ ነው» አለች ወርቅነሽ ቶሎ ብላ።

መቶ አለቃው በመስኮቱ አየ። አባ ኮዳዎቹ በሙሉ ሐይቁ ዳር፣ ዓሣ የሚያወጡት ጀልባዎች አጠገብ ቆመዋል። መስኮቱን ዘጋና ቆቡን ከራሱ ላይ አወለቀ።