ከቂብላ የዞረው ፊት

አብዱልከሪም ከሐይቁ ዳር፣ ከዋርካው ሥር ሞቶ ተገኘ። ራሱ ከኋላ ተፈንክቷል። ዓይኖቹ ግን ተከድነዋል፤ አገጩ በገዛ ፎጣው ታስሯል፤ በቀኝ ጎኑም በወጉ ተጋድሟል። ኢንስፔክተር ስህን ጉሙ እስኪገልጥ አጠገቡ ቆማ ስታየው አንድ ነገር ከነከናት። ፊቱ ወደ ምዕራብ ነበር። ሙስሊም ሲሰግድም ሲቀበርም ፊቱን የሚያዞርበት ቂብላ ለሐይቅ ከተማ ሰው ሰሜን ነው፤ ይህን ሕፃንም ያውቀዋል።

ወሬ መቼ እግር አጥቶ ያውቃል! አብዱልከሪም የመንግሥት መጋዘን ጠባቂ ሳለ የውኃ መሳቢያ ሞተር ጠፍቶ፣ ቁልፉ በእጁ ስለነበር ከሥራ የተባረረ ሰው ነው። «ሌባ ስለሆነ አላህ ፊቱን ከቂብላ አዞረበት» ተባለ። ሲቀበር ታላቅ ወንድሙ ሀሚዱ በእጁ ወደ ሰሜን መለሰው፤ ወሬው ግን አልተመለሰም። ስህን በበኩሏ ሰማይ ሬሳ ሲያገላብጥ አይታ አታውቅም። ሬሳ የሚያገላብጥ ሰው ነው።

የሟች ሚስት ረቢያ የባል ሐዘን ወራቷ፣ ኢዳ ላይ ናትና ከቤት አትወጣም። ስህን አጠገቧ ተቀመጠች።

«ይመጣል» አለቻት ረቢያ በሹክሹክታ። «በሱብሂ፣ በንጋት ሰላት፣ የመታጠቢያ ኩስኩስቱ ሲንቆረቆር እሰማለሁ። ውዱእ ያደርጋል፤ ግን አይሰግድም። አቅጣጫው ጠፍቶበታል የኔ ጌታ።»

ስህን ኩስኩስቱን አየት አደረገችው። «ጡረታውስ እቴ?»

«ስሙ ከስርቆቱ ካልጠራ ፋይሉ አይንቀሳቀስም ብለውናል። ‹አንቺና ልጆቼ በሰው ኃጢአት አትራቡም፤ አጠራዋለሁ› ይለኝ ነበር። ሌባውን ንገረኝ ብለው፣ ‹ብነግርሽ ታዝኛለሽ› አለኝ።»

በየማለዳው ወደ ሐይቁ እንደሚወርድ የሚያውቁ ሦስት ወንዶች ነበሩ። መጀመሪያ ያባረረው አለቃ፣ ሽታው፣ ተጠየቀ።

«ተጣልተናል፤ አልክድም» አለ። «በሞቱ ዋዜማ ቢሮዬ መጥቶ ‹የወሰደውን ሰው ነገ ይዤልህ እመጣለሁ› ሲለኝ፣ ‹ይኸን ሁሉ ዓመት የት ነበርክ!› ብዬ ጮኽኩበት።»

«የእናንተ የክርስቲያኖቹ ሰው ሲቀበር ፊቱ ወዴት ነው?»

«ወደ ምሥራቅ ነዋ! ይኸም ጥያቄ ሆኖ?»

ሬሳውን ያገኘው ሀሚዱ እያለቀሰ ነበር። «ወላሂ አልነካሁትም። ላቃናው እጄን ብዘረጋ፣ ፖሊስ ሳያየው አትንካ አሉኝ። ወንድሜን ጠማማ አድርጌ ቆሜ አየሁት።»

ሦስተኛው የረቢያ ታናሽ ወንድም ሙሀይሚን ነው። በቅርቡ ከሪያድ ተመልሶ ሠርግ እየደገሰ ነበር።

«እዚያ ሥራህ ምን ነበር?»

«የሌሊት ዘበኛ።»

«ሱብሂ የት ትሰግድ ነበር?»

«እዚያው ደጃፉ ላይ። ጎህ ከጀርባዬ ሲቀድ ፈረቃዬ ያልቅ ነበር።»

ስህን ሌላ አልጠየቀችውም።

በሦስተኛው ቀን ሁሉንም ረቢያ ቤት ሰበሰበቻቸው።

«ገዳዩ ጠላት አይደለም» አለች። «ጠላት ዓይን አይከድንም፤ አገጭ አያስርም። የዞረውም ወደ ቂብላ እንዲሆን ታስቦ ነው፤ ግን አዟሪው ተሳሳተ። አቶ ሽታው ቢሆኑ ልማድ ወደ ምሥራቅ ይወስዳቸው ነበር። ጋሽ ሀሚዱ ከአምባሰል ወጥተው አያውቁም፤ ዓይናቸው ቢታሰር እንኳ ሰሜንን አይስቱም። ያን ማለዳ ጉም ተራራውንም ሐይቁንም ውጦት ነበር፤ የሚታየው የጎህ ብርሃን ብቻ ነው። የዚህ አገር ሰጋጅ ጎህን በቀኝ ትከሻው ያደርጋል። ከሪያድ ግን መካ በምዕራብ ናት፤ ጎህን ከጀርባው አድርጎ መስገድ የለመደ ከመካከላችን አንድ ሰው ነው።»

ሁሉም ወደ ሙሀይሚን ዞሩ።

«ቁልፉ የሚያድረው እዚህ ቤት ነበር» ቀጠለች ስህን። «ሞተሩ በጠፋ ማግስት የሪያድ መንገድ የተከፈተለት ማን ነው? አብዱልከሪም ለሚስቱ ‹ታዝኛለሽ› ያላት ሌባው ወንድሟ ስለሆነ ነው።»

ሙሀይሚን ተንበረከከ። «ሠርጌ እስኪያልፍ ዝም በለኝ ብዬ ለመንኩት። ‹ልጆቼ እስከ መቼ ይጠብቁ?› አለኝ። ገፈተርኩት፤ ድንጋዩን አላየሁትም። ቂብላ መስሎኝ ነው እህቴ። ወላሂ ቂብላ መስሎኝ ነው!»

«እንግዲያስ ፊቱን ያዞረበት አላህ አይደለም» አለች ረቢያ። የባሏን ክብር ባገኘችበት አፍታ ወንድሟን አጣች፤ ለየትኛው እንደምታለቅስ ለራሷም አልታወቃት። ከዚያ ቀና አለች። «አቶ ሽታው፣ ሰምተዋል?»

«ሰምቻለሁ እቴ። ስሙን ያጠፋሁት እኔ ነኝ፤ ነገ ሄጄ ቃሌን እሰጣለሁ።»

የአስር ሰላት አዛን ተሰማ። ሙሀይሚን «ሳትወስዱኝ ልስገድ» አለ፤ ስህንም ራሷን በእሺታ ነቀነቀች። ውዱእ ሲያደርግ ኩስኩስቱ ተንቆረቆረ፤ ረቢያ ድምፁን ስትሰማ ዓይኗን ጨፈነች። ሲመለስ እንባ ጋርዶት በቆመበት ዞረ፤ ደግሞ ዞረ፤ አቅጣጫው ጠፋው።

ረቢያ ተነሣች። ትከሻውን ይዛ ወደ ሰሜን አዞረችው።

«ወደዚህ ነው» አለችው።