ለጉልላት ማን ያልቅስ?

«እኔ ሙሾ ካወረድኩ ድንጋይ እንኳ ንፍጡን ይጠርጋል!» ትላለች ዝናሽ፣ ሰው ሰማት አልሰማት። ውሸቷንም አልነበረም። ከምድር በላይ በህዋ በምትንሳፈፈው በሰገነት ከተማ ሬሳ ያለ እንባ አይወጣም። መቃብር የለማ! ሟች የሚሸኘው በ«እንባ በር» ነው። ከተማዋን የቆረቆሩት ሰዎች ማንም ሳይለቀስለት እንደ ጥራጊ እንዳይጣል ብለው የሠሩት፣ የአልቃሽን ትንፋሽ፣ የልብ ምትና እንባ እያነበበ የሚከፈት በር ነው። ቀይ ከበራ ለቅሶው የውሸት ነው። አረንጓዴ ከበራ በሩ ወለል ይላል፤ አልቃሿም እንደ ድሮ አዳኝ «ቀናኝ!» ትላለች። ወጉ ነው።

ዝናሽ በዚህ በር ስንቱን ሸኝታለች። ከዚያ ትርንጎ የምትባል አዲስ አልቃሽ መጣች። ግጥም አታውቅ፣ ድምጿ የትንኝ። ዝም ብላ ትቆምና ዓይኗ እርጥብ ሲል በሩ ይከፈትላታል። ከዚያ ወዲህ ዝናሽ ዓይኗን ከትርንጎ ላይ አትነቅልም።

«በሩን ምን አስነክታው ነው?» ትላለች።

ይህ እንዲህ እንዳለ፣ ሕዝቡ ከሥልጣን ያወረደው ሊቀ ከተማ ጉልላት በታሰረበት ሞተ። ሊቀ ከተማ ማለት የከተማዋ የበላይ ገዢ ነው። በእሱ ዘመን ለገደላቸው ማልቀስ ክልክል ነበር፤ ሬሳቸውን በቆሻሻ መጣያው ቱቦ ነበር የሚያስወረውረው። ለሌላ ሰው ሲለቀስ ማየት ያንገበግበው ነበር ይባላል። አሁን ተራው የእሱ ሆነ። በሩን ያስከፈተች የከተማዋ ዋና አልቃሽ ትሆናለች ተባለ።

«ዋናዋማ እኔ ነኝ!» አለች ዝናሽ። የከተማዋ ሸንጎ ግን መጀመሪያ የጠራው ትርንጎን ነው።

ትርንጎ የጉልላት ሬሳ ሳጥን ፊት ቆመች። ቀይ። ቆየች። አሁንም ቀይ።

«አልቻልኩም» አለች። «አባቴን በቱቦው ነው የጣለው።»

እናቶች ተሯሩጠው አቀፏት። «አይዞሽ የኔ ልጅ!»

የዝናሽ አንጀት አረረ። አቅቷትም ትታቀፋለች?

«እሱንም በቱቦው ነዋ!» አለ የበሩ ጠባቂ ጋሽ ዱባለ፤ ሕዝቡ አጨበጨበ።

«አይሆንም» አለች ትርንጎ። «አባቴ በወጣበት እሱን አታስወጡት።»

ያጨበጨቡት እጆች ወረዱ። ይቺን ቃል ደግሞ ከየት አመጣቻት? አለች ዝናሽ በልቧ። እኔ እንዲህ ያለችዋን ለማግኘት ስንት ሌሊት ነው የምገላበጠው!

ተራዋ ሲደርስ ነጠላዋን ዘቅዝቃ፣ ደረቷን እየደቃች ጀመረች፦

«ጉልላት ሲወድቅ ቤቱ ያፈሳል፣
ዝናቡ ሲመጣ ማን ይከድነዋል?»

ቀይ። በጣቶቿ መሃል የደበቀችውን ሽንኩርት ዓይኗ ሥር አሸችው። ይብስ ቀይ።

«በህዋ ላይ ደግሞ የምን ዝናብ ነው?» አለ ጋሽ ዱባለ እያዛጋ። «በሉ፣ ትርንጎዬ ትመለስና ትሞክር።»

«ትርንጎ! ትርንጎ!» አለ ሕዝቡ።

ትርንጎዬ! ዝናሽ ከጋሽ ዱባለ ጋር ስትሠራ ኖራ አንድ ቀን «ዝናዬ» ብሏት አያውቅም። ሽንኩርቱን ጣለችው። ከዚያ ግጥም የለ፣ ዜማ የለ፣ አፏን ከፍታ፣ ጡት እንደነጠቁት ሕፃን ተንሰቀሰቀች።

አረንጓዴ!

በሩ ወለል አለ። ሳጥኑ ወደ ጨለማው ሸርተት ብሎ ገባ። በሩ ማን ለማን አለቀሰ ብሎ አይጠይቅም፤ የሚያነበው የሚነድ ልብ ብቻ ነው።

«ቀናኝ!» ብላ ጮኸች ዝናሽ፣ እቅፍ ፍለጋ እጇን ዘርግታ። ማንም አልተጠጋትም። ለጉልላት ከልቧ ያለቀሰች ብቸኛ ሰው እሷ ሆነችና ሁሉም እየገላመጣት ወደ ኋላ አለ።

«እንዴ! ለእሱ እኮ አይደለም!»

«ታዲያ ለማን ነው?» አለ ጋሽ ዱባለ።

ዝናሽ ሳታስበው ትርንጎን አየቻት።

ትርንጎ ቀረብ አለች። «ጉልላትንም ለሌላ ሰው ሲለቀስ እንዲሁ ነበር የሚያንገበግበው» አለቻት። «ደግሞ ‹ቀናኝ› አትበይ፤ ‹ቀናሁ› በይ። ንፍጥሽንም ጥረጊ።»