ከተያዘው መኪና ሥር

ሾፌሩ በጭነት መኪናው ሥር በጀርባው እንደተንጋለለ ሞቷል። የኋላው ጎማ ወልቆ አጥሩን ተደግፏል፤ የመኪናው ክብደት ደረቱ ላይ አርፏል። ክሪኩ ደግሞ ትንሽ ራቅ ብሎ በጎኑ ተጋድሟል። ፖሊስ የያዛቸው መኪናዎች በሚቆሙበት በዚያ ግቢ የነበሩት ሁሉ ያሉት አንድ ነገር ነው፤ ክሪኩ ተንሸራቶበት ነው።

መርማሪዋ አጎንብሳ ክሪኩን አየችው፤ አልነካችውም። ባልደረቦቿ «እስኪ ድገመው» የሚል ስም አውጥተውላታል። የሰማችውን ሁሉ ሁለቴ ካላስነገረች አይሆንላትም።

መኪናው የተያዘው አደንዛዥ ዕፅ ተደብቆበት ነው። ባለመኪናዋ ባሏ ሞቶ ከእሱ የተረፋት ይኸው መኪና ብቻ ነው፤ ስለ ዕፁ እንደማታውቅ ካላስረዳች ይወረሳል። ዕፁ የተገኘበትን ቦታ እንድታስመረምር ፍርድ ቤት ስለፈቀደላት፣ በዋስ የተለቀቀውን ሾፌሯንና ሜካኒክ ወንድሟን ይዛ ረፋዱ ላይ መጣች። ሾፌሩ ሲሞት እሷ የግቢው ቢሮ ውስጥ ከጸሐፊዋ ጋር ነበረች።

«አለማወቅሽን አስረጂ ነው የሚሉኝ» አለች ባለመኪናዋ። ድምጿ ለሰው መንገድ እንደምታሳይ ዓይነት ነበር። «ያላወቁትን በምን ያስረዳሉ? ነገ ችሎት ላይ የሚመሰክርልኝ ሾፌሩ ብቻ ነበር።»

«ምን ብሎ ሊመሰክር?»

«በር ላይ ነገረኝ። ከሥር የተበየደ ሣጥን አለ፣ የማን ብየዳ እንደሆነ ለይቼዋለሁ፣ ስሙን ግን ለዳኛው ነው የምናገረው አለ።»

ማን ማን እንደሰማ ጠየቀቻት። ወንድሟ፣ ጥበቃውና የተወረሱ መኪናዎችን በጨረታ የሚገዛው ደላላ በሩ ላይ ነበሩ።

ጥበቃው ከበሩ ንቅንቅ አላልኩም አለ። ስታስደግመው ግን እንቅልፍ ሸለብ አድርጎት እንደነበር አመነ። ደላላው መኪናውን ከጠዋት ጀምሮ ሲዞረው እንደነበር አልደበቀም።

«ስትወረስ ልገዛት ነበር» አለ። «ግን ለጨረታ ብዬ ሰው አልገድልም። የጨረታው ቀጠሮ ራሱ ሰው ይገድላል።»

የሳቀለት የለም።

ወንድምየው መኪናውን በክሪክ ያነሳው ሾፌሩ ራሱ እንደሆነ፣ እሱ ግን ውጭ ካቆመው መኪናው መፍቻ ሊያመጣ እንደወጣ ተናገረ። ሲደግመው አንዲት ቃል አልለወጠም። መርማሪዋ ይህን ያህል የተጠና ነገር አትወድም።

ሬሳው ከተነሳ በኋላ ሁሉንም ሌላ የጭነት መኪና አጠገብ ሰበሰበቻቸው። ሌላ ክሪክ አስመጥታ፣ መኪናውን ትንሽ አንስተው እንዲያወርዱና ክሪኩን እንዲያወጡ ሦስቱን ወንዶች በየተራ አዘዘቻቸው። ጥበቃው አውርዶ እንዳለ ጎትቶ ተወው። ደላላው የክሪኩ ማውረጃ ወዴት እንደሚዞር ጠፍቶት ሸሚዙን ዘይት አስነካ። ወንድምየው አነሳ፣ አወረደ፣ ክሪኩን ሳበ፣ ወጥቶ የቀረውን የክሪኩን አንገት በመዳፉ ተጭኖ አስገባ፣ ማውረጃውን መልሶ አጠበቀ።

ከዚያ ቀና ሲል መርማሪዋ እጁን እያየች ነበር።

«ክሪክ ከተንሸራተተ አንገቱ እንደወጣ ነው የሚወድቀው» አለች። «ዘይቱ ሾልኮ በራሱ ቢወርድ ደግሞ እዚያው መኪናው ሥር ይቀር ነበር። ሟቹ አጠገብ ያገኘነው ግን አንገቱ ገብቷል፣ ማውረጃውም ጠብቋል። ሰው ነው ማውረጃውን ከፍቶ ያወረደው። ከዚያ ሳበው፣ አንገቱን አስገባው፣ መልሶ ዘጋው። መኪና ደረቱ ላይ ያረፈበት ሰው ይህን አይሠራም።»

«ገዳይ ምን ቆርጦት ይዘጋዋል?» አለ ደላላው።

«ዘይቱ እንዳይፈስ፣ አንገቱ አቧራ እንዳይበላው። ገዳይ ስለ ክሪክ አይጨነቅም፤ ሜካኒክ ግን ሳይታወቀው ያደርገዋል። ብየዳውም የሜካኒክ ነው። ነገ ስሙ የሚጠራው ሰው ዛሬ እዚህ ነበር።»

ጥበቃው ከወንድምየው አጠገብ ራቅ አለ። ወንድምየው መዳፉን ሱሪው ላይ ጠረገ።

«እታለም» አለ፣ ወደ እህቱ ዞሮ፤ «ሣጥኑን በይድልን ብቻ ነው ያሉኝ። አንቺን ይነካል ብዬ አላሰብኩም።»

ፖሊሶቹ ይዘውት ሲሄዱ እህቱ ከቆመችበት አልተንቀሳቀሰችም። መርማሪዋ ማጽናናት አትችልበትም፤ የምታውቀውን ነገረቻት።

«አሁን አለማወቅዎን ማስረዳት ይችላሉ። መኪናው ይመለስልዎታል ብዬ አስባለሁ። ግን ነገ ዳኛው ፊት ቆመው፣ ሣጥኑን የሠራው ወንድሜ ነው ማለት አለብዎት።»

ባለመኪናዋ መኪናውን አየችው። ጎማው የወለቀበት በኩል አሁንም ዘመም እንዳለ ነው፤ ከሥሩ ያለው መሬት ገና በደም እርጥብ ነበር።

«አጥበው ነው የሚሰጡኝ?»

«አይ። የሚያጥበው ባለንብረቱ ነው።»

«እሺ» አለች ባለመኪናዋ፤ ችሎቱ ስንት ሰዓት እንደሚጀምርም ጠየቀች።